ጸሐፊውም ሰላም ብያለሁ

ስለ ደርግ ዘመን ጦርነት የሚተርክ መጽሐፍ ዛሬ አናጣም። ከሌተና ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ጀምሮ ባለሥልጣናቱና የጦር አዛዦቹ የየበኩላቸውን ጽፈዋል፤ በተቃራኒው ወገን ሆነው የተዋጉትም እንዲሁ። ማን ምን ትእዛዝ እንደ ሰጠ፣ ማን ማንን እንዳላዳመጠ፣ የትኛው ዕዝ ከየት ወዴት እንዳፈገፈገ ቁጭ ብሎ ማንበብ ይቻላል። እኔን የሚቆጨኝ ሌላው ጽሑፍ ነው፤ ከደብተር በተገነጠለ ወረቀት ላይ በእስክሪብቶ ተጽፎ፣ በፖስታ ወይም ፈቃድ ወጥቶ በሚመጣ ወታደር እጅ ወደየቤቱ የገባው። ጸሐፊዎቹ ተራ ወታደሮች፣ ተቀባዮቹ እናቶች፣ አባቶችና ሚስቶች ናቸው። ዛሬ የሚገኘው በየሰው ቤት፣ ከአልጋ ሥር በተገፋ ሳጥን ውስጥ ነው። ባለቤቲቱ ሲያርፉ ልጆች ቤቱን ያጸዳሉ፣ ሳጥኑ ይከፈታል፣ «አሮጌ ወረቀት ነው» ይባልና እሳት ውስጥ ይገባል። የአንድ ትውልድ ታሪክ በየጓሮው እንዲህ እየነደደ መሆኑን ሳስብ እንቅልፍ ይነሳኛል።

እነዚህን ደብዳቤዎች በቅርብ የማውቃቸው በልጅነቴ የሰፈራችን አንባቢ ስለ ነበርኩ ነው። ያደግኩት ደብረ ብርሃን ነው። የብሔራዊ ውትድርና አዋጅ በ1975 ዓ.ም. ሲወጣ ዕድሜያቸው ከ18 እስከ 30 ዓመት የሆኑ ወጣቶች ግዴታ ገቡ። አዋጁ የሚለው ስድስት ወር ሥልጠናና ሁለት ዓመት አገልግሎት ነበር፤ ከእኛ ሰፈር ወደ ሰሜን ከሄዱት ልጆች ግን በተባለው ጊዜ የተመለሰ አላስታውስም። ከዚያ ቀደም ብሎም በ1969 ዓ.ም. ወደ ታጠቅ ጦር ሰፈር የሄዱ ሚሊሺያዎች ነበሩን። እናም ወንድ ልጁን ያልሸኘ ቤት ጥቂት ነበር፤ ደብዳቤ በመጣ ቁጥር እኔ እጠራለሁ።

እናቶቹ ፊደል ያልቆጠሩ ሆነው አይደለም። የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በ1971 ዓ.ም. ሲጀመር ብዙዎቹ ማታ ማታ ተምረው የምስክር ወረቀት ወስደዋል፤ አገሪቱም በዚያ ዘመቻ የዩኔስኮን ሽልማት አግኝታለች። ነገር ግን የመማሪያ መጽሐፉ ፊደል ትልቅና ጥርት ያለ ነው። የወታደር ጽሑፍ ወረቀት ለመቆጠብ ሲባል ጥቅጥቅ ብሎ፣ በፊትም በጀርባም ተጽፎ፣ ቀለሙ ወዲያ ማዶ ዘልቆ ይመጣል። ስለዚህ መጀመሪያ ወረቀቱን ራሳቸው ይዘው ወደ በሩ ብርሃን ጠጋ ይላሉ፤ ስማቸው ያለበትን ቦታ በጣታቸው እየዳሰሱ ይፈልጋሉ። ስማቸውን ካገኙ በኋላ ነው «በል አሁን አንብብልኝ ልጄ» ብለው የሚሰጡኝ። ስማቸውን ሳያገኙ ወረቀቱን የሰጡኝ እናት አላስታውስም።

ደብዳቤዎቹ ሁሉ ተመሳሳይ መልክ ነበራቸው። ከላይ በቀኝ በኩል ቀን ይጻፋል፤ ከቀኑ ሥር የአገር ስም ሊኖር በሚገባው ቦታ ላይ «ካለሁበት» የሚል ብቻ። ጦሩ የት እንደሰፈረ አይጻፍም፤ በየክፍሉ ከአዛዡ ጎን የፖለቲካ ኮሚሳር አለ፣ የደኅንነት ሰው አለ፣ ወታደሩም ይህን አሳምሮ ያውቃል። ቀጥሎ ሰላምታ ነው። ከአባት ይጀምራል፣ ወደ እናት፣ ወደ ነፍስ አባት፣ ወደ አክስትና አጎት፣ ወደ እኅትና ወንድም ይወርዳል፤ ከዚያ ጎረቤቱ በየተራው ይጠራል። ከገጹ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ስም ነው። ከስሞቹ ሥር «እኔ ከእናንተ ናፍቆት በስተቀር እግዚአብሔር ይመስገን በጣም ደህና ነኝ» ይላል። ከዚያ ተቆራጩ መድረሱን ይጠይቃል፤ ከደመወዙ በየወሩ ለቤተሰቡ እንዲከፈል ያስቆረጠው ብር ማለት ነው። አንዳንዱ ግርጌው ላይ «አብዮታዊት እናት ሀገር ወይም ሞት!» ብሎ ይዘጋል። እግዚአብሔር ከላይ፣ መፈክሩ ከታች፣ ባንድ ገጽ ላይ ሳይጣሉ ይኖሩ ነበር።

ስለ ውጊያው አንድ ቃል የለም። ስለ ጥማቱ፣ ስለ ደረቁ የወታደር ዳቦ ስለ ኮቾሮው፣ ስለ ድንጋይ ምሽጉ፣ ሌሊት ስለሚዘንበው መድፍ ምንም። ዛሬ እነዚህን ደብዳቤዎች የሚያይ ሰው «ሰላምታ ብቻ ናቸው፣ ለታሪክ አይጠቅሙም» ሲል ሰምቻለሁ፤ የተማሩ ሰዎች ሲሉት ሰምቻለሁ። አጥብቄ እቃወማለሁ። ተቀባዮቹ ወሬው የት እንደተቀመጠ ያውቁ ነበር።

ወሬው ስሞቹ ውስጥ ነበር። ከደብዳቤው ማብቂያ አጠገብ ሁልጊዜ አንድ መስመር አለች፦ አብረውኝ ያሉት እነ እገሌ፣ እነ እገሌ ሰላም ብለዋችኋል። እናቶቹ እነዚህን ያላዩአቸውን ልጆች እንደ ወለዷቸው ያህል ያውቋቸዋል። የጅማው ልጅ፣ የሐረሩ ልጅ፣ ሳቂታው የወላይታ ልጅ። በሶና ዳቦ ቆሎ ሲልኩ «ለእነርሱም ድረስ» ብለው ነው የሚቋጥሩት። ታዲያ አንድ ቀን ደብዳቤው ይመጣና ከአምስቱ ስም አራቱ ብቻ ይነበባል። «እስቲ ድገመው» ይሉኛል። እደግመዋለሁ። «የጅማው ልጅ የለም?» የለም። ልጁ ደህና ነኝ ብሏል፣ ሁሉም ሰላም ነው ብሏል፣ ማንም አልሞተም። እናትየው ግን ነጠላቸውን ወደ ትከሻቸው እየሰበሰቡ ዝም ይላሉ። ለጅማው እናት መርዶው ከመድረሱ በፊት፣ ምናልባትም ጨርሶ ላይደርስ፣ ደብረ ብርሃን ላይ አንዲት ሴት አውቀውታል።

ከዚህም የሚረቅ ነገር ነበር። ከሰፈራችን ልጆች ሦስቱ አንድ ሻለቃ ውስጥ ነበሩ፤ ቦታው ኤርትራ ውስጥ ያለው የናቅፋ ግንባር እንደ ነበር ያወቅነው ዘግይተን ነው። ሦስቱም መጻፍ አይችሉም ነበርና ደብዳቤያቸውን የሚጽፍላቸው አንድ ጓደኛቸው ነው። የእጅ ጽሑፉን ከሩቅ እለየዋለሁ፤ የ«ለ»ን ቀኝ እግር ከመስመሩ በታች አሳልፎ ይስባል፣ አራቱን ነጥብ አያኖርም፣ በቦታው አጭር ጭረት ያደርጋል። ሁልጊዜ ከፊርማው በታች ጠበብ አድርጎ «ጸሐፊውም ሰላም ብያለሁ» ይላል። ስሙን ጽፎ አያውቅም። ሦስቱም እናቶች በየመልሳቸው «ለጸሐፊው እጅ ነሥተናል በልልን» ያስጽፉኛል። ከማን ቤት እንደ ወጣ፣ የየት አገር ልጅ እንደሆነ ማንም አይጠይቅም ነበር፤ ጸሐፊው ጸሐፊው ነው።

በ1979 ዓ.ም. ክረምት ላይ ከሦስቱ ቤቶች ወደ አንዱ ደብዳቤ መጣ። ከፖስታው ሳወጣው ጽሑፉ ሌላ ነው። ክብ ክብ ያለ፣ የተማሪ ቤት ጽሑፍ። ይዘቱ አልተለወጠም፤ ሰላምታው እንደ ወትሮው፣ ደህንነቱ እንደ ወትሮው። ከፊርማው በታች ግን ወረቀቱ ባዶ ነው። ሳምንት ሳይሞላ ሁለተኛው ቤትም በዚያው በክቡ ጽሑፍ ደረሰው። ከሦስቱ እናቶች አንዷ በማግስቱ ቤተ ክርስቲያን ሄደው ጸሎት እንዲደረግለት ጠየቁ። ቄሱ የክርስትና ስሙን ጠየቋቸው። አያውቁትም። የዓለም ስሙንስ? እሱንም አያውቁትም። «የልጆቻችን ጸሐፊ ነው» አሉ። ቄሱ ምን ብለው እንደጸለዩ አላውቅም፤ ጸሎቱ መደረጉን ግን እናትየው እየማሉ ነግረውናል።

መልሱን የምጽፈውም እኔ ስለ ነበርኩ ከወዲህኛው ወገን የነበረውን ምስጢርም አይቻለሁ። ምሽግ ያለው ልጅ ብቻ አልነበረም የሚደብቀው። ከቤታችን ጀርባ የሚኖሩ እናት ባለቤታቸው ታመው ሞቱባቸው። ልጃቸው ግንባር ነው። አርባው ካለፈ በኋላ ደብዳቤ ሊያስጽፉኝ ጠሩኝና ገና ወረቀቱን ሳላስተካክል «ስለ አባቱ እንዳትጽፍበት» አሉኝ። በእኛ ዘንድ መርዶ በወረቀት አይነገርም፤ ዘመድ ተሰብስቦ፣ በማለዳ፣ ሰውየው ከመኝታው ሳይነሳ፣ የሚይዘውና የሚያጽናናው ሰው ባለበት ነው የሚነገረው። «እዚያ ድንጋይ ላይ ማን ይይዝልኛል?» አሉ። ስለዚህ «አባትህም ሰላም ብሎሃል» ብዬ ጻፍኩ። በሚቀጥለውም ጻፍኩ፣ በሚቀጥለውም። ልጁም በየደብዳቤው መጀመሪያ አባቱን ሰላም ይላል።

አባትየው በሕይወት ሳሉ በየደብዳቤው ማብቂያ ላይ የሚያስጨምሩት አንድ ነገር ነበራቸው፤ «ጸሎትህን አትርሳ» ይላሉ። እናትየው ይህን አላስተዋሉትም፣ እኔም አላስተዋልኩም፣ ቀርቶ ነበር። ከወራት በኋላ ልጁ እንዲህ ሲል ጻፈ፦ አባቴ ምክሩን ከተወኝ ሰነበተ፣ ተቀይሞኝ ከሆነ ይቅር ይበለኝ። ሳነብላቸው እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ። ብዙ ቆይተው «ጸሎትህን አትርሳ ብሎሃል በልልኝ» አሉ፤ ጻፍኩ።

ቀጥሎ የመጣው ደብዳቤ ሰላምታውን የጀመረው ከእናት ነው። «ይድረስ ለውድ እናቴ» አለና ወደ ነፍስ አባቱ፣ ወደ አክስቱ፣ ወደ ጎረቤቱ ወረደ። የአባቱ ስም በየትኛውም ቦታ የለም። ጥያቄ የለም፣ እንባ የለም፣ «ለምን አልነገራችሁኝም» የሚል ወቀሳ የለም። እናትየው እስከ መጨረሻው አዳመጡና «አውቋል» አሉ። ከዚያ ወዲያ ሁለቱም ነገሩን አላነሡትም። አባትና ልጅን፣ ሞትና ሐዘንን በአንድ ስም መጻፍና አለመጻፍ ተነጋግረው ጨረሱ። እንግዲህ ይህ ነው ለታሪክ አይጠቅምም የሚባለው ሰላምታ።

የዚህ ልጅ ደብዳቤ የቆመው በ1980 ዓ.ም. ነው። በመጋቢት ወር አፋቤት ላይ የነበረው የናደው ዕዝ በጥቂት ቀናት ውስጥ ፈረሰ፤ ናቅፋን ፊት ለፊት ይዞ ለዓመታት የቆየው ጦር የተገደለው ተገድሎ፣ የተማረከው ተማርኮ ተበተነ። በሬዲዮ የተነገረን ነገር አልነበረም። ያወቅነው በመጀመሪያ አንድ ቤት፣ ከዚያ ሌላው ቤት፣ ከዚያ ሰፈሩ በሙሉ ደብዳቤ ሲያጣ ነው። በዚያው ወር መጨረሻ ላይ መንግሥት ከሶማሊያ ጋር ስምምነት ፈረመ፤ በምሥራቅ የቆመውን ጦር ወደ ሰሜን ለማዞር ይፈልገው ነበር። ስምምነቱ ምርኮኛ መመለስንም የያዘ ስለ ነበር በክረምቱ ማብቂያ፣ ነሐሴ ላይ፣ ከ3,500 የሚበልጡ ኢትዮጵያውያን በዓለም አቀፉ የቀይ መስቀል ኮሚቴ አማካይነት ከሶማሊያ ገቡ። ከመካከላቸው እንደ አየር ኃይሉ አብራሪ እንደ ለገሠ ተፈራ ከ1969ኙ ጦርነት ጀምሮ 11 ዓመት የታሰሩ ነበሩ። ሞተዋል ተብለው ተዝካራቸው የወጣላቸው ሰዎች በራቸውን አንኳኩ። ሚስቱ ሌላ ያገባችበት ነበር፤ ሲሄድ የታዘለ ልጁ ጎረምሳ ሆኖ የጠበቀው ነበር። የሰሜኖቹ እናቶች ይህን ሲሰሙ ተስፋቸው እንደገና ነፍስ ዘራ። ያኛው ከ11 ዓመት በኋላ ከመጣ የእኔስ ለምን አይመጣም?

ጭካኔው ይህ ነበር። በሰሜን ለተማረኩት እንደ ሶማሊያዎቹ የስም ዝርዝር አልመጣልንም። የቀይ መስቀል መልእክት የሚባለው ቅጽ ያልታሸገ ክፍት ወረቀት ነው፤ ከቤተሰብ ወሬ በቀር ሌላ አይጻፍበትም፤ ቢሆንም ሰውየው በሕይወት እንዳለ ይናገራል። ወደ ሰፈራችን ያ ወረቀት አልደረሰም። በድብቅ የአማፂያኑን ሬዲዮ ዝቅ አድርገው የሚያዳምጡ ነበሩ፤ ምናልባት የልጃቸውን ወሬ ይሰሙ እንደሆነ። መርዶ አልተነገራቸውምና ማቅ አልለበሱም፣ ተዝካር አላወጡም፣ ፍትሐትም አላስደረጉም። ግንቦት 1983 ዓ.ም. ጦሩ ሲበተን የደሴ መንገድ በወታደር ተጥለቀለቀ፤ እግሩ የቆሰለ፣ ጫማ የሌለው፣ ዳቦ የሚለምን። ከአስመራ በኩል የነበረው ብዙው በእግሩ ወደ ሱዳን ነው የወጣው። የእኛ እናቶች አስፓልቱ ዳር ቆመው ፎቶ እያሳዩ ይጠይቁ ነበር። አስመራ ፎቶ ቤት የተነሳው ፎቶ ነው፤ ጀርባው ላይ «ለማስታወሻ ይሁናችሁ» ይላል።

አሁን በእጃችን ያለው የንግግሩ ግማሽ ብቻ ነው። ወታደሩ የላከው ቤት ደርሶ ሳጥን ገባ፤ እናት የላከችው ከወታደሩ ጋር ምሽግ ውስጥ ቀረ፣ ወይም አፋቤት ላይ ከሬሳ ኪስ ተፈትሾ ተጣለ። እኔ የጻፍኳቸው መልሶች አንዱም የለም። ምን እንደ ነበረባቸው የማስታውሰው ልጆቹ በሰጡት መልስ ብቻ ነው፦ ስለ ላሟ የጻፋችሁት ደረሰኝ፣ የእኅቴን ማግባት ሰምቼ ደስ ብሎኛል፣ የላካችሁት በሶ በሰላም ገብቷል። ስለዚህ የቀረው ግማሽ ከጠፋ ያኛውም አብሮ ይጠፋል።

ሌላም መታወስ ያለበት አለ። የእኛዎቹ እናቶች ዕድለኞች ነበሩ፤ ልጁ የሚያስጽፍበት ቋንቋ የእነርሱ ቋንቋ ነበር። ከወላይታ፣ ከከምባታ፣ ከአርሲ፣ ከወለጋ የሄደው ልጅ ምሽግ ውስጥ የሚያገኘው ጸሐፊ የሚጽፍለት ባብዛኛው በአማርኛ ነው። ልጁ በእናቱ ቋንቋ ያሰበውን ጓደኛው በአማርኛ ይጽፈዋል፣ አገሩ ሲደርስ ደግሞ አንድ ተማሪ ወደ እናቲቱ ቋንቋ መልሶ ይነግራታል። እነዚያ ደብዳቤዎች ምን አተረፉ፣ ምንስ በመንገድ ጣሉ? አንድ ሰው ቢያጠናው ምንኛ ደስ ባለኝ። ከምሽጉ ወዲያ ማዶም በትግርኛ የሚጻፍ ደብዳቤ ነበር፤ የሚያነብላቸው ልጅ የሚጠሩ እናቶች እዚያም ነበሩ። የእነርሱ ሳጥንም ከእኛው ጎን ቢከፈት እወዳለሁ።

ከ1990 እስከ 1992 ዓ.ም. በነበረው የድንበር ጦርነት ጊዜም ደብዳቤ ነበር፤ ቁጥሩ ግን እየሳሳ ሄዷል። በቅርቡ በሰሜኑ ጦርነት ስልክ ባለበት ተደወለ፣ በተቋረጠበት ደግሞ ለብዙ ወራት ዝምታ ሆነ። የተደወለው ሁሉ ምን እንደተባለበት የያዘ ወረቀት የለም። ስለዚህ የወረቀቱ ዘመን የተውልንን ያህል የሚተውልን ሌላ ዘመን ላይመጣ ይችላል።

እናታችሁ ወይም አያታችሁ ሳጥን ካላቸው እባካችሁ ዛሬ ጠይቋቸው። የተቀደደውን በፕላስተር አታያይዙት፤ ሙጫው ወረቀቱን ይበላዋል። የታጠፈውን ቀስ ብላችሁ ዘርጉና በፊትም በጀርባም ፎቶ አንሱት፤ ፖስታውንም አትጣሉ፣ ማኅተሙ ላይ ቀንና ከተማ አለ። ከሁሉ በላይ ስሞቹን አንድ በአንድ እያነበባችሁ «ይሄ ማን ነው? ያቺስ?» እያላችሁ ጠይቁና መልሱን በድምፅ ቅዱ፤ ከእርሳቸው በኋላ የሚነግራችሁ አይኖርም። ወረቀቱን ቤት ማኖር ካልቻላችሁ ስድስት ኪሎ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም አለ፣ ብሔራዊው ቤተ መዛግብትም አለ፤ ሄዳችሁ አነጋግሯቸው።

እኔም አንድ የምጠይቀው አለኝ። ከ1976 እስከ 1979 ዓ.ም. ባለው ጊዜ ከናቅፋ ግንባር ወደ ቤታችሁ የመጣ ደብዳቤ ካለ አውጥታችሁ ተመልከቱልኝ። «ለ» ቀኝ እግሯ ከመስመሩ በታች የወረደች ከሆነ፣ በአራት ነጥብ ፋንታ አጭር ጭረት ካለ፣ ግርጌው ላይም «ጸሐፊውም ሰላም ብያለሁ» የሚል ካገኛችሁ፣ ወይም ወንድማችሁ እንዲህ ይጽፍ ከነበረ፣ ስሙን ጻፉልኝ። ከሦስቱ እናቶች አንዷ ዛሬም በሕይወት አሉ፤ የክርስትና ስሙን ለቄሱ ሊነግሩ ይፈልጋሉ።